ማልታ ለምትሄዱ፦ ደረሰኙን ገልጣችሁ ሥሩን አንብቡ

ስሊማ የባሕር ዳርቻ ላይ ጃንጥላ ተክለው፣ በፕላስቲክ የተለበጡ ፎቶዎች ደርድረው የሚቆሙትን የጉዞ ሻጮች ማልታን የረገጠ ሁሉ ያውቃቸዋል። ከየት እንደመጣችሁ ይጠይቃሉ፤ ኢትዮጵያ ስትሏቸው የአንድ ሯጭ ስም ይጠራሉ፤ በዚያው ወንበር ስበው ያስቀምጧችኋል። ከእነሱ አንዱ፣ አፈ ቅቤ ልበ ጩቤ የሚባለው ለእሱ የተነገረ የሚመስል ጎልማሳ፣ ሰሞኑን ገንዘቤን ወስዶ እናቴን በአደባባይ አስዋረዳት። ገና ከአውሮፕላን መውረዴ ነው። ንዴቱ ሳይበርድልኝ ልጻፈው፤ ከበረደልኝ ለሰውየው ማዘን እጀምር ይሆናል፣ እሱ ደግሞ አይገባውም።

እናቴ ከአዲስ አበባ መጥታ ጀርመን አብራኝ እየከረመች ነው። በያዘችው የሼንገን ቪዛ ማልታም መግባት እንደምትችል ስነግራት «ቅዱስ ጳውሎስ መርከቡ የተሰበረባት መላጥያ?» ብላ ከተቀመጠችበት ተነሳች። የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 28ን በቃሏ ታውቀዋለች፤ እፉኝቷን ከእጁ ወደ እሳቱ ያራገፈባት፣ የፑፕልዮስን አባት የፈወሰባት፣ ሦስት ወር የተቀመጠባት ደሴት ናት። ራባት በምትባለው ከተማ ከቅዱስ ጳውሎስ ቤተ ክርስቲያን ሥር፣ ሐዋርያው ያረፈበት ነው ተብሎ የሚታመን ዋሻ አለ። በ1990፣ በ2010 እና በ2022 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ሦስት የሮማ ጳጳሳት እዚያው ወርደው ጸልየዋል። እናቴ ከዚህ ዋሻ ሌላ ከማልታ የምትፈልገው ነገር አልነበረም። ለሻጩም ይህንኑ ነግሬዋለሁ፤ ሌላው ሁሉ ይቅር፣ ዋሻው እንዳይቀርብን አልኩት። «ዋሻው!» አለ፤ በቀይ ብዕር ወረቀቱ ላይ ምልክት አደረገበት።

ሰሌዳው ላይ ሁለት ዓይነት የሙሉ ቀን ጉዞ ተጽፏል። መግቢያ የማይጨምረው 38 ዩሮ፣ መግቢያም ምሳም የሚጨምረው 65 ዩሮ። ለሁለታችን 130 ዩሮ በጥሬ ገንዘብ ከፈልኩ። ደረሰኙን ጻፈ፤ ከላዩ በትልልቅ ፊደል «ሁሉም ተካትቷል» አለበት፤ ከጉዞ ወረቀቱ ላይ ደርቦ አራቱን ማዕዘን በስቴፕለር መታው። እናቴ የፍልሰታ ጾም ላይ ስለነበረች ምሳው የጾም ይሁን አልኩት። እሱንም ጻፈው። የማይጽፈው ነገር አልነበረም።

ማልታ ከጫፍ እስከ ጫፍ 27 ኪሎ ሜትር ብቻ ናት። በዚህች ደሴት ላይ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት እስከ ምሽቱ አሥራ ሁለት ሰዓት የሚፈጅ ጉዞ እንዴት እንደሚሠራ ልንገራችሁ። በመጀመሪያ አውቶቡሱ ከስሊማ ወደ ሴንት ጁልያንስ፣ ከዚያ ወደ ቡጂባ እየዞረ ሰው ከየሆቴሉ ሲለቅም ከአንድ ሰዓት በላይ ይሄዳል። ከዚያ አስጎብኚው እያንዳንዱን ነገር በአራት ቋንቋ ይናገራል፤ ለእናንተ ቋንቋ የሚደርሳችሁ ሩቡ ነው። ሞስታ ላይ ግዙፍ ጉልላት ያለው ቤተ ክርስቲያን አለ። በ1942 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የጀርመን ቦምብ ጉልላቱን በስቶ 300 ያህል ምእመናን በተሰበሰቡበት መሐል ወድቆ ሳይፈነዳ ቀርቷል። እናቴ ይህን ስነግራት አማተበችና «እንውረዳ» አለች። አልወረድንም፤ በመስኮት ነው ያየነው።

የወረድነው ታ'ቃሊ ላይ ነው። በጦርነቱ ጊዜ የእንግሊዞች የጦር አውሮፕላን ማረፊያ የነበረ ሜዳ ነው፤ ዛሬ የእደ ጥበብ መንደር ተብሎ ብርጭቆ የሚነፋበት፣ የብር ፈትል የሚሸጥበት ሆኗል። እዚያ አስጎብኚው ሌላ ሰው ሆነ። ጊዜ እንደ ልብ ነው፣ አትቸኩሉ፣ ባለ ስምንት ጫፉን የማልታ መስቀል ለቤተሰብ ግዙ እያለ ከባንኮኒ ባንኮኒ አዞረን፤ ሻጮቹም በስሙ ይጠሩታል። ከአንድ ሰዓት ተኩል በኋላ አብረውን የተሳፈሩት ጀርመኖች ራሳቸው ሰልችተው ወደ አውቶቡሱ ሲመለሱ ነው ጉዞው የቀጠለው። የብር ፈትሉ ሥራ መልካም ነው፣ አልዋሽም፤ ግን ማንም ሰው ኮሚሽን ሊያስበላ 65 ዩሮ አይከፍልም።

መዲና የምትባለው ደግሞ የደሴቲቱ የድሮ መናገሻ፣ ነዋሪዎቿ 300 የማይሞሉ ባለ ቅጥር ከተማ ናት። በ1724 የተሠራውን በሯን አልፈን ጠባቦቹን መንገዶች ገና መላመድ ስንጀምር የአስጎብኚው ጃንጥላ ወደ ላይ ወጣና ተመለሱ ተባልን። በእግር ቀስ ብለን ብንሄድ ኖሮ ራባት እዚያው ከበሩ ፊት ለፊት ናት።

አሁን ወደዚያ አደባባይ ልምጣ።

ራባት ስንወርድ የነሐሴ ፀሐይ አናት ይበሳል። እናቴ ገና አውቶቡስ ውስጥ ሳለች ነጠላዋን አጣፍታ፣ እንደ ቤተ ክርስቲያን ሰው ዝግጁ ሆና ነበር። አስጎብኚው የታጠፈ ሰማያዊ ጃንጥላውን አንሥቶ ሰበሰበን፤ ከብብቱ የስም ዝርዝር አወጣ። «መግቢያ ያላችሁ በቀኜ፣ የሌላችሁ በግራዬ» አለ። እኛ ያለ ምንም ጥርጣሬ ከጀርመኖቹ ጋር ወደ ቀኝ ሄድን። ዝርዝሩን በብዕር ጫፍ እየነካ መጣና እናቴ ዘንድ ሲደርስ ቆመ። ስሟን አልጠራም። በብዕሩ ወደ ግራ ጠቆማት።

እናቴ እንግሊዝኛ አትሰማም፤ የብዕሩን አቅጣጫ ግን አየችና ሄደች። ወደ እኔ ዞራ «በቀኙ ያቁመን ስንል ኖረን፣ ልጄ፣ ዛሬ ምን አድርገን ነው በግራ የቆምነው?» አለችኝ። እንደ ቀልድ ነው የተናገረችው። ፊቷ ግን አይቀልድም ነበር።

ወረቀቱን አወጣሁ። «ሁሉም ተካትቷል» የሚለውን አሳየሁት፤ ቀዩን ምልክት አሳየሁት፤ 130 ዩሮ የሚለውን አሳየሁት። ሰውየው አላነበበውም። ይህን ልብ በሉልኝ፤ ማንበብ አላስፈለገውም። ወረቀቱን ከእጄ ሳይቀበል የአውራ ጣቱን ጥፍር ደረሰኙ ሥር፣ በታችኛው የቀኝ ማዕዘን በኩል አስገብቶ ቀስ ብሎ ፈለቀቀው። የስቴፕለሩ ሽቦ ተነቀለ፤ ከሥሩ በደቃቃ ፊደል የታተመ መስመር ወጣ። ከውጭ መጎብኘት ብቻ፣ የመግቢያ ክፍያ አይጨምርም ይላል። የ38 ዩሮው ወረቀት ነው። ሻጩ የውዱን ዋጋ ደረሰኝ በርካሹ ወረቀት ላይ ሰፍቶ፣ ዋናውን መስመር በደረሰኙ ሸፍኖ ልዩነቱን ኪሱ ከትቷል። አስጎብኚው ደግሞ ጥፍሩ የት መግባት እንዳለበት ያውቃል። ስንት ሰው ወረቀት ላይ ቢፈለቅቅ ነው እንዲህ እጁ የለመደው?

«ማንበብ ይችላሉ አይደል?» አለኝ። ከዚያ የፈለቀቀውን ደረሰኝ በጣቱ ተጭኖ መልሶ አለጠፈውና «ይህን ከሸጠልዎት ሰው ጋር ይነጋገሩ፤ እኔ የማውቀው ዝርዝሩን ነው» አለ።

እሺ፣ እኔው በር ላይ ልክፈል አልኩት። ወደ ዋሻው የሚገባው አጠገቡ ባለው ሙዚየም ትኬት ነው። ሰዓቱን አየ፤ ረጅሙን የትኬት ሰልፍ በአገጩ አሳየኝ። ቡድኑ አስቀድሞ ስለተመዘገበ ሳይሰለፍ ይገባል፤ እናንተ ተሰለፉ፤ አውቶቡሱ ግን ከሃያ አምስት ደቂቃ በኋላ ይነሳል፣ ማንንም አይጠብቅም አለኝ። ደግሞም ማዶ ያለውን ካፌ አመለከተኝ፤ እናትዎ እዚያ ቁጭ ይበሉ፣ ጥሩ አይስክሬም አለ አለኝ። በፍልሰታ! ወደ ሾፌሩ ዞሮ በማልትኛ የሆነ ነገር ተናገረ፤ ሾፌሩ እናቴን አየና ሳቀ። ደሜ ፈላ። እናቴ ባትኖር ኖሮ እዚያ አደባባይ ላይ ምን እንደምል እኔም አላውቅም፤ እሷ ግን እጄን ይዛ «ተወው፣ የእግዚአብሔር ቤት በር ላይ አይጮህም» አለችኝ።

ሰልፉ ሳይንቀሳቀስ ቡድኑ ተመልሶ ወጣ። ከጀርመኖቹ አንዷ ሴትዮ ነገሩን ሁሉ ስታይ ስለነበር ስልኳን ይዛ መጣችና በዋሻው ውስጥ ያለውን የቅዱስ ጳውሎስን ሐውልት ፎቶ ለእናቴ አሳየቻት። እናቴ ስልኩን ተሳለመችው። ሴትዮዋ መጀመሪያ ደነገጠች፣ ከዚያ እንባዋ መጣ። አስጎብኚው ጃንጥላውን እያወዛወዘ «ሰዓት፣ ሰዓት!» ይላል።

የቀረውን ባጭሩ ልጨርሰው። የጾም ምሳ የተባለው አይብ የተነሰነሰበት ፓስታ ነበር፤ አስተናጋጁ አይቡን በማንኪያ ጠርጎ መልሶ አመጣላት። እናቴ ዳቦና ወይራ በላች። ዋና ከተማዋ ቫሌታ ስንደርስ የቅዱስ ዮሐንስ ካቴድራል ጎብኚ ማስገባት አቁሞ ነበር። ሠዓሊው ካራቫጆ በ1608 የሣለው የመጥምቁ ዮሐንስ አንገት ሲቆረጥ የሚያሳየው ትልቁ ሥዕል ያለው እዚያ ነው፤ ስሙን የፈረመው ከሰማዕቱ በሚፈሰው ደም ውስጥ ነው፤ የሻጩ ሰሌዳ ላይ ፎቶው ዋነኛ ማማለያ ነበር። በዚህኛው እንኳ አድልዎ አልተደረገም፤ የቀኙም የግራውም ቡድን በተዘጋ በር ፊት ቆሞ በአራት ቋንቋ ስለ ሥዕሉ ተነገረው። አንድ ጣሊያናዊ አጨበጨበ፤ የንዴት ጭብጨባ ነው።

ማታውኑ ወደ ሻጩ ጃንጥላ ሄድኩ። በቦታው አንዲት ልጅ ተቀምጣለች፤ ሰውየው ዕረፍት ላይ ነው፣ መቼ እንደሚመለስ አላውቅም አለች። ወረቀቱ ላይ ያለው ስልክ ይጠራል፣ አይነሳም። ለድርጅቱ የተቀደደውን ወረቀት ፎቶ አያይዤ ጻፍኩ። መልስ ለመስጠት አልዘገዩም፤ ሽያጩን የፈጸመው ንዑስ ወኪል ስለሆነ ድርጅቱ ኃላፊነት አይወስድም፣ ሆኖም ለደንበኞቻችን ካለን አክብሮት የተነሳ ወደ ጎዞ ደሴት በሚደረገው የቀን ጉዞ ላይ 10 በመቶ ቅናሽ እንሰጥዎታለን ይላል። ቅናሹ ላይ ያለው ፎቶ ባሕሩ ላይ የቆመው ታዋቂው የጎዞ የድንጋይ ቅስት ነው። ይህ ቅስት ማርች 8 ቀን 2017 በማዕበል ተንዶ ባሕር ገብቷል። የሌለ ድንጋይ በቅናሽ!

በማግስቱ በራሳችን ሄድን። ከቫሌታ ወደ ራባት የከተማ አውቶቡስ 51፣ 52 ወይም 53 ይወስዳችኋል፤ በበጋ የከፈልነው በሰው 2 ዩሮ ከ50 ነው፣ ትኬቱም ለሁለት ሰዓት ያገለግላል። በጠዋት ስለደረስን ሰልፍም አልነበረም። እናቴ ዋሻው ውስጥ፣ ከላይ የተንጠለጠለው የመርከብ ቅርጽ ያለው የብር መብራት ሥር፣ የፈለገችውን ያህል ቆየች፤ ማንም ሰዓት ብሎ አልጮኸባትም።

የግድ የተመራ ጉዞ የምትገዙ ከሆነ በካርድ ክፈሉ፤ ከደረሰኙ ሥር ያለውን ወረቀት ሻጩ ፊት ገልጣችሁ አንብቡ፤ አስጎብኚው የመንግሥት ፈቃድ ባጅ ማንጠልጠሉን እዩ። የቫሌታው ካቴድራል እሑድ ለጎብኚ ዝግ ነው፤ በሌላውም ቀን ከሰዓት በኋላ ቀደም ብሎ ስለሚዘጋ በጠዋት ሂዱ። ጎዞንም ማየት ከፈለጋችሁ ከቺርኬዋ የሚነሳው መርከብ 25 ደቂቃ ያህል ነው የሚፈጀው፤ ስትሄዱ የሚጠይቃችሁ የለም፣ ክፍያው ስትመለሱ ነው።