የባግዳዱ ሌባ፦ የ1924ቱ ወይስ የ1940ው?

ሁለቱም ፊልሞች ከሺህ አንድ ሌሊት የአረብ ተረቶች የተቀዱ ናቸው፣ ሁለቱም ላይ ሌባም ልዕልትም የሚበር ምንጣፍም አለ፣ ግን ስታዩዋቸው ጭራሽ አይገናኙም (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)።

የ1924ቱ ድምፅ አልባ ነው፣ ሁለት ሰዓት ተኩል አካባቢ ስለሚሄድ ትዕግስት ይፈልጋል፣ መሀል ላይ ይንዛዛል። ሌባውን ሆኖ የሚሠራውን ዳግላስ ፌርባንክስን አለማየት ግን ይቆጫል! ሰውዬው እየተባረረ ሰው የሚያክል ጋን ውስጥ ዘሎ ገብቶ ከዛ ወጥቶ ሌላው ውስጥ ጥልቅ ሲል ይሄ ሰው አጥንት የለውም እንዴ ያስብላል። ኮምፒውተር ምናምን የለም፣ ምንጣፉን እኮ ክሬን ላይ በሽቦ አንጠልጥለው ነው ያበረሩት።

የ1940ው ባለ ከለር ነው፣ እንግሊዝ ተጀምሮ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲመጣ አሜሪካ ሄደው ጨረሱት፣ 3 ኦስካርም ወስዷል። እዚህ ጀግናውን ለሁለት ከፍለውታል፣ ዙፋኑን የተነጠቀው ንጉሥ አህመድ ፍቅሩን ይዞ ሲቀር ጀብዱውን ሁሉ ሌባው ልጅ አቡ ይሠራዋል። አህመድ እውነቱን ለመናገር ያስተኛል፣ አቡን ሆኖ የሚሠራው ሳቡ የሚባለው ህንዳዊ ልጅ ግን ፊልሙን ብቻውን ተሸክሞታል። ጂኒው ለአቡ ሦስት ምኞት ሲሰጠው የመጀመሪያውን በምን ጨረሰው? በቋሊማ! ርቦታላ።

ዝላይና ጎራዴ ከሆነ የ1924ቱ፣ ከልጆች ጋር ከሆነ ግን ያለ ጥያቄ የ1940ው፣ ደግሞ የካርቱኑ አላዲን ላይ ያሉት ጃፋርና አቡ ከየት እንደመጡ እዛው ታገኙታላችሁ።