ጋቢ ሲገዙ፦ የእጅ ፈትል፣ የፋብሪካ ጥጥ ወይስ ሰው ሠራሽ ክር?

ሽሮ ሜዳ ላይ ጋቢ ሲጠይቁ ብዙ ሻጭ «ንጹህ ፈትል ነው» ይላል። ዋጋ ከመነጋገርዎ በፊት ማጉን፣ ማለትም በጨርቁ ስፋት የሚገባውን ክር፣ ይዩ። ድሩ፣ ማለትም በርዝመቱ የሚወጠረው ክር፣ አብዛኛውን ጊዜ የፋብሪካ ነው፤ ይህ ጉድለት አይደለም። ድር ተወጥሮ ነው የሚሠራበት። የእጅ ፈትል ደግሞ ወፈር ቀጠን ስለሚል ወፍራሙ በመሥሪያው ጥርስ ይያዛል፣ ቀጭኑ ይበጠሳል። ማግ ግን በመወርወሪያ ስለሚገባ ይህን ያህል አይወጠርም፤ የእጅ ፈትል ጥቅሙ የሚታየውም እዚህ ነው።

ብዙ ገዢ የሚሳሳተው ዘርፉን ነካክቶ ሲወስን ነው። ከዘርፉ የሚወጣው ክር ድሩ ስለሆነ ስለ ማጉ ምንም አይናገርም። ጋቢ አራት እጥፍ ነውና እጥፉን ገልጠው አንዱን ብቻ ወደ ብርሃን ያንሱት፤ ከዳር እስከ ዳር በስፋቱ የሚሄደውን ክር ይከተሉ። አንዴ ወፈር፣ አንዴ ቀጠን የሚል ከሆነ በእንዝርት የተፈተለ ነው። ከጫፍ እስከ ጫፍ እኩል ከሄደ የፋብሪካ ነው።

የእጅ ፈትል ላላ ብሎ ስለሚከር አየር ይይዛል፤ ስለዚህ ይሞቃል፣ ይለሰልሳል። በዚያው ምክንያት መታሸት በበዛበት ቦታ ቶሎ ይሳሳል። ቶሎ ቶሎ ለሚታጠብ ወይም ለልጅ መጠቅለያ የፋብሪካ ጥጥ ይሻላል። ክር ገዝተው ለሸማኔ የሚሰጡ ከሆነ ቁጥሩን ያንብቡ፤ ቁጥሩ ሲጨምር ክሩ ይቀጥናል። ያልተገመደው ቁጥር 20 ክር በ100 ግራም 3,390 ሜትር ያህል ይወጣዋል፣ ቁጥር 10 የዚያን ግማሽ። 20/2 የተጻፈበት ሁለት ቁጥር 20 ተገምደው ነው፤ ውፍረቱ እንደ ቁጥር 10 ነው፣ ጥንካሬው ግን ይበልጣል።

አክሪሊክና ፖሊስተር የሚባሉት ሰው ሠራሽ ክሮች ርካሽ ናቸው፣ ቶሎም ይደርቃሉ። ለጋቢ ግን አንመክራቸውም፦ ላብ አይመጥጡም፣ ከሰል አጠገብ ፍም ቢነካቸው ቀልጠው ቆዳ ላይ ይጣበቃሉ። ለመለየት ከማጉ ትንሽ ክር በወረንጦ ይዘው ያቃጥሉ። ጥጥ እንደ ወረቀት ይሸታል፣ አመዱም በጣት ይደቃል፤ ሰው ሠራሹ ግን ኩምትር ብሎ ጠንካራ ጥቁር እንክብል ይሆናል። የሚያብረቀርቀው ሬዮን (ከእንጨት የሚሠራ ክር) እንደ ጥጥ ስለሚቃጠል በእሳት አይለይም። እሱን በውኃ አርሰው ይሳቡት፤ ሲርስ ይደክማል፣ ጥጥ ግን አይደክምም።

የእጅ ፈትል መጀመሪያ ሲታጠብ ይሰበሰባል፤ ቀሚስ የሚያሰፉ ከሆነ ጨርቁን ሳይቆረጥ በለብታ ውኃ ይንከሩት። ጋቢ ሲያጥቡ አይጠምዝዙት፣ ውኃውን በመጫን ያውጡ፤ እርጥቡን በገመድ ከሰቀሉት በራሱ ክብደት ይለጠጣልና አግድም ዘርግተው ያድርቁት። ጥለቱ ባለ ቀለም ከሆነ ከመግዛትዎ በፊት እርጥብ ነጭ ጨርቅ ያሹበት፤ ቀለም ከነካው ሌላ ይምረጡ።