ቁራዎቹን ልግዛ ወይስ ካርታውን?

ከጃፓን የፎቶ መጻሕፍት አንድ ብቻ ልግዛ ላለ ሰው ሁለት መጻሕፍት አሉ። አንዱ የማሳሂሳ ፉካሴ «ካራሱ» ነው፤ ቁራዎች ማለት ነው። ሌላው የኪኩጂ ካዋዳ «ቺዙ»፣ ማለትም ካርታ።

መጻሕፍቱ በወጡበት ዘመን ጃፓን ውስጥ ፎቶ ገዝቶ ግድግዳው ላይ የሚሰቅል እምብዛም አልነበረም። ስለዚህ ፎቶ አንሺዎቹ ልባቸውን መጽሐፉ ላይ አፈሰሱ። ወረቀቱም፣ የገጹ ቅደም ተከተልም የሥራው አካል ሆነ። ዛሬ በሌላ አገር ያለ ወጣት ፎቶ አንሺ ከኤግዚቢሽን በፊት መጽሐፍ ሲያስብ፣ ከእነሱ የተማረው ነገር አለ።

ፉካሴ ትዳሩ ሲፈርስ ወደ ትውልድ አገሩ ሆካይዶ በባቡር ተሳፈረ። መንገድ ላይ ያያቸውን ቁራዎች ማንሳት ጀመረ፤ ለዓመታትም አልተዋቸውም። መጽሐፉ በ1986 ወጣ (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው)። አንዱ ፎቶ ላይ ዛፍ ሙሉ ቁራ በሌሊት ሰፍሯል። ፍላሹ ሲመታቸው ዓይኖቻቸው እንደ ነጭ ነጠብጣብ ያበራሉ። እኛ ሄዶ የቀረን ሰው «የቁራ መልእክተኛ» እንላለን። ይህን መጽሐፍ ሳስብ አባባሉ ከአእምሮዬ አይወጣም።

ካዋዳ ደግሞ ሂሮሺማ ሄዶ፣ ከአቶሚክ ቦምቡ ተርፎ የቆመውን ባለ ጉልላት ሕንፃ እድፍና ስንጥቅ አነሳ። ከዚያ ጋር የተጨማደደ የጃፓን ባንዲራ፣ የላኪ ስትራይክ ሲጋራ ፓኮ አለ። የታተመው ኦገስት 6 ቀን 1965 ነው፤ ቦምቡ ከተጣለ ልክ በ20 ዓመቱ። በኮሄይ ሱጊዩራ ንድፍ፣ ገጾቹ እንደ መስኮት ግራና ቀኝ ይከፈታሉ። በእጃችሁ ካልከፈታችሁ ውስጡን አታዩም።

የመጀመሪያዎቹን እትሞች እርሷቸው፤ ዋጋቸው አይቀመስም። ለካራሱ ማክ የተባለው አሳታሚ በ2017 ያወጣው ዳግም እትም ከበቂ በላይ ነው። እኔን ከጠየቃችሁኝ መጀመሪያ እሱን ግዙ፤ የጃፓንን ታሪክ ባታውቁም ሐዘኑ ይገባችኋል።

ቺዙ የታሪክና የመጽሐፍ ንድፍ ፍቅር ላለው ነው። ግን ስትገዙ ተጠንቀቁ። የማክ የ2021 እትም የተከተለው ካዋዳ ቀድሞ በእጁ ያዘጋጀውን ባለ ሁለት ቅጽ ናሙና ነው። የ1965ቱን ቅርጽ የምትፈልጉ ከሆነ አኪዮ ናጋሳዋ በ2014 ያሳተመውን ፈልጉ። ከመክፈላችሁ በፊትም ሻጩን «ገጾቹ ወደ ጎን ይከፈታሉ?» ብላችሁ ጠይቁ።