የ50 ሩፒው ችሎት፦ የህንድ ማዕከላዊ የአስተዳደር ትሪቡናል ለሠራተኛ ምን ያህል ይጠቅማል?

በህንድ የማዕከላዊ መንግሥት ሠራተኛን ከነበረበት መሥሪያ ቤት አንሥቶ በሌላ ውስጥ ቋሚ ማድረግ «አብዞርፕሽን» ይባላል፤ ከእኛው ድልድል ጋር ይቀራረባል። በትእዛዙ ቅር የተሰኘ ሠራተኛ የሚያንኳኳው በር በ1985 እ.ኤ.አ. (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም እንዲሁ ናቸው) በወጣ ሕግ የተቋቋመው ማዕከላዊ የአስተዳደር ትሪቡናል፣ ማለትም የመንግሥት ሠራተኞችን የሥራ ክርክር የሚያይ ልዩ ችሎት ነው። የማመልከቻ ክፍያው 50 ሩፒ ነው፤ ያለ ጠበቃም መከራከር ይቻላል። በችሎቱ የሕግ አባልና የአስተዳደር አባል አብረው ስለሚቀመጡ የደረጃ (የአገልግሎት ቅደም ተከተል) እና የጡረታን አሠራር ከሀ ጀምሮ ማስረዳት አያስፈልግም። ትልቁ ጥንካሬው ይህ ነው።

ብዙ መዝገብ የሚዘጋው ግን ፍሬ ነገሩ ሳይታይ፣ በቀን ቆጠራ ነው። መጀመሪያ ለመሥሪያ ቤቱ በጽሑፍ አቤት ይባላል። የመጨረሻ ውሳኔ ከተሰጠ ከዚያ ቀን ጀምሮ ለትሪቡናሉ ለማመልከት 1 ዓመት አለ። መልስ ከጠፋ 6 ወር ይጠበቅና ከዚያ 1 ዓመት ይቆጠራል። በየጊዜው አዲስ ደብዳቤ ማስገባት ቀኑን የሚያድስ የሚመስላቸው ሠራተኞች አሉ፤ አያድስም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1989 በራቶር ጉዳይ፣ በሕግ ያልተደነገገ ተደጋጋሚ አቤቱታ ይርጋውን እንደማያራዝም ወስኗል። የዘገየ ሰው በቂ ምክንያቱን የሚገልጽ የማስፈቀጃ ጥያቄ ማያያዝ አለበት።

ሁለተኛው መሰናክል የሥልጣን ጉዳይ ነው። ሠራተኛውን የተቀበለው የመንግሥት ኩባንያ ከሆነ፣ ትሪቡናሉ ክርክሩን የሚያየው ማዕከላዊ መንግሥቱ ኩባንያውን በማስታወቂያ በትሪቡናሉ ሥልጣን ሥር ካደረገው ብቻ ነው። ማስታወቂያው ከሌለ ጉዳዩ የሚሄደው ወደ ክፍለ ሀገሩ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ይህን ሳያጣሩ መክሰስ ያለችውን አንድ ዓመት መብላት ነው።

ትእዛዝን በአስቸኳይ ለማሳገድ ትሪቡናሉ ደካማ ነው። ሌላው ወገን ሳይሰማ የተሰጠ እግድ፣ ኮፒው ደርሶት እንዲናገር ዕድል ካላገኘ በ14 ቀን ይወድቃል። ስለዚህ የማመልከቻውና የአባሪዎቹ ኮፒ በዕለቱ ለመሥሪያ ቤቱ ይድረስ።

በትውስት የሄደ ሠራተኛ «እዚሁ አስቀሩኝ» ብሎ ቢከስ የሚያሸንፍበት ዕድል ጠባብ ነው፤ በ2000 በኩናል ናንዳ ጉዳይ እንዲህ ያለ መብት እንደሌለው ተወስኗል። በቋሚነት ከተወሰደ በኋላ የቀድሞ አገልግሎቱ ለደረጃ ሳይቆጠርለት ከቀረ ግን ጠንካራ መሠረት አለው፤ በ1999 የሩፕላል ውሳኔ በተመጣጣኝ መደብ ላይ የተሰጠ አገልግሎት እንዲቆጠር አድርጓል። በደረጃ ክርክር ወደ ኋላ የሚገፉት ባልደረቦች ተጠሪ ሆነው ካልተጠሩ ማመልከቻው ሊወድቅ ይችላል።

ለጊዜያዊ ሠራተኞች የ2006ቱ ኡማዴቪ ውሳኔ መንገዱን አጥብቦታል። በማይደገም የአንድ ጊዜ እርምጃ ቋሚ እንዲሆኑ የፈቀደው በተፈቀደ መደብ ላይ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ 10 ዓመትና ከዚያ በላይ ለሠሩ ነው። በታኅሣሥ 2024 የጃጎ ውሳኔ ግን መሥሪያ ቤቶች ያንን ፍርድ ለረጅም ዓመታት ባገለገሉ ሰዎች ላይ እንደ ጋሻ እንዳይጠቀሙበት ከልክሏል፤ ይህ ተገቢ እርማት ነው። ስለዚህ የቅጥር ደብዳቤ፣ የደመወዝ ሰነድና መደቡ የተፈቀደ መሆኑን የሚያሳይ ማስረጃ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ መዝገቡ ውስጥ ይግቡ።

ከ1997 ወዲህ የትሪቡናሉ ውሳኔ በከፍተኛ ፍርድ ቤት የሁለት ዳኞች ችሎት ሊመረመር ይችላል። በ50 ሩፒ የተጀመረ ክርክር እዚያ ሲደርስ የጠበቃ ወጪ ይጨምራል።