ስቲም፣ ኤፒክ፣ ጎግ ወይስ በፍላሽ ማስጫን? ባሕር ዳር ሆኖ የኮምፒውተር ጌም ለሚገዛ

ላፕቶፕ መጠገን ሥራዬ ስለሆነ ከባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የፖሊና የፔዳ ግቢዎች የሚመጡ ተማሪዎች ማሽናቸው ተፈትቶ እስኪገጠም ድረስ የሚጠይቁኝ ጥያቄ ሁልጊዜ አንድ ነው፤ ጌም ከየት ማግኘት ይሻላል? የሰፈር ልጆች ይጠይቁኛል፣ ልጆቻቸው የነዘነዟቸው ወላጆችም ይጠይቁኛል። ለእያንዳንዱ ሰው ከሀ ጀምሬ ከማስረዳ አንድ ጊዜ ልጽፈው ብዬ ነው።

ስቲም (Steam)፣ ኤፒክ (Epic) እና ጎግ (GOG) የኮምፒውተር ጌም በኢንተርኔት የሚሸጡ መደብሮች ናቸው፤ በፍላሽ ማስጫን የምለው ደግሞ ጌም ቤት ሄዶ የተሰነጠቀ፣ ማለትም ሳይገዛ እንዲሠራ ጥበቃው የተሰበረ ጌም ማስገልበጥን ነው። መልሴን አላቆይም። ፍለጋችሁን በስቲም አድርጉ። በነጻ የሚሰጠውን ከኤፒክ ውሰዱ። ገንዘብ የምትከፍሉ ከሆነ ግን፣ ጌሙ ጎግ ላይ እስካለ ድረስ፣ ከጎግ ግዙ። በፍላሽ ማስጫኑን ተዉት። መብራትም ኢንተርኔትም በፈለገው ሰዓት በሚሄድበት ከተማ የሚያዋጣው፣ የገዛችሁትን ፋይል በእጃችሁ የሚያስቀምጥላችሁ መደብር ነው፤ ከሦስቱ ይህን በሙሉ ልብ የሚያደርገው ጎግ ብቻ ነው።

ከርካሹ ልጀምር። መቶ ብር ይዞ ጌም ቤት የገባ ልጅ ሁለት ሦስት ጌም አስገልብጦ ይወጣል። በዚህ ዋጋ ማንም አይወዳደርም። ችግሩ ቤት ከገባ በኋላ ነው። እነዚህ ፋይሎች አብዛኛውን ጊዜ እጅግ ተጨምቀው የተጠቀለሉ ናቸው፤ ሲጫኑ እንደገና መፈታት አለባቸው። ይህ ሥራ በደካማ ላፕቶፕ ላይ ሰዓታት ይፈጃል። ማሽኑ ይግላል፣ ማራገቢያው ይጮኻል፣ መስመሩ ከ90 በመቶ በላይ ከሄደ በኋላ ከፋይሎቹ አንዱ ሲገለበጥ ተበላሽቶ ኖሮ የስሕተት መልእክት ይመጣና እስከዚያ የተጫነው ሁሉ ይሰረዛል። መሐል ላይ መብራት ከሄደና ባትሪው የደከመ ከሆነም እንዲሁ ነው። ልጁ ፍላሹን ይዞ ይመለሳል፤ የሚገለበጥለት ያው የተበላሸው ፋይል ነው።

ከዚህ የሚከፋው ቫይረሱ ነው። አንዲት የፔዳ ተማሪ ከእነዚህ ቤቶች በአንዱ ለወንድሟ ጌም አስገልብጣ ፍላሹን ላፕቶፗ ላይ ሰካችው። በማግስቱ ወደ እኔ ስትመጣ የመመረቂያ ጽሑፏ ያለበት ፎልደር፣ የቤተሰቧ ፎቶዎች፣ ሁሉም ትንሽ ቀስት ያለባቸው ሾርትከቶች ሆነዋል፤ ሲከፈቱ ምንም የለም። «ጋሼ፣ ጽሑፌ ብቻ ይመለስልኝ» አለችኝ። ይህ ቫይረስ ፋይሎችን ይደብቃቸዋል እንጂ አያጠፋቸውም፤ ማሽኑን አጽድቼ፣ የመደበቂያውን ምልክት አንስቼ መለስኩላት። እሷ ዕድለኛ ናት። የተሰነጠቁ ጌሞች «መጀመሪያ ጸረ ቫይረሱን አጥፋ» የሚል መመሪያ አብሯቸው ስለሚመጣ፣ ሌሎች ቤታቸውን በገዛ እጃቸው ከፍተው ነው የሚያስገቡት። ዊንዶውስ እንደገና ማስጫን ደግሞ የዚያን የመቶ ብር ጌም ብዙ እጥፍ ያስከፍላል።

አሁን ወደ ሕጋዊው ዋጋ። ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. በፊት አንድ ዶላር በባንክ 57 ብር አካባቢ ነበር፤ ምንዛሪው ለገበያ ከተለቀቀ በኋላ መቶን ተሻገረ። ለስሌት እንዲመች እዚህ አንዱን ዶላር በ150 ብር አስበዋለሁ፤ እናንተ በምትገዙበት ቀን ያለውን ተመን አስገቡበት፣ ባንኩ የሚቆርጠውንም ጨምሩበት። ስታርዲው ቫሊ መደበኛ ዋጋው 14.99 ዶላር ነው፤ 2,250 ብር ገደማ። በ40 በመቶ ቅናሽ 8.99 ሲሆን 1,350 ብር ይወርዳል። ሂሮውስ ኦፍ ማይት ኤንድ ማጂክ 3 ከነሙሉ ተጨማሪዎቹ ጎግ ላይ 9.99 ዶላር፣ ማለትም 1,500 ብር ነው፤ በ75 በመቶ ቅናሽ ሲወጣ 2.49 ዶላር ወይም 375 ብር ብቻ ይሆናል። ዊቸር 3 በሙሉ ዋጋው 39.99 ዶላር፣ 6,000 ብር ነው፤ ይህን በሙሉ ዋጋ የሚገዛ ሰው ገንዘቡ ያልከበደው ብቻ ነው። ስለዚህ አንድ ደንብ ያዙ፦ በሙሉ ዋጋ ምንም አትግዙ። ስቲም በዓመት አራት ትልልቅ የወቅት ቅናሾች አሉት፤ ጎግም ከዚያው ጊዜ ብዙ ሳይርቅ ይቀንሳል።

ይህን ቅናሽ ለመጠበቅ ደግሞ ከስቲም የተሻለ መሣሪያ የለም፤ ይህን ሳልሰስት እናገራለሁ። እ.ኤ.አ. በ2003 የተከፈተ መደብር ነው፣ ዕቃው እጅግ ብዙ ነው፣ መፈለጊያውም ለዚህ ብዛት የተሠራ ነው። በመፈለጊያው ገጽ ጎን ዋጋውን ከ5 ዶላር በታች አድርጉት፣ ቅናሽ ላይ ያሉት ብቻ ይታዩ በሉ፣ ቀጥሎ የጌሙን ዓይነት የሚገልጹትን መለያዎች ጨምሩ። የማያስደስታችሁን ጌም «አልፈልገውም» ብላችሁ ምልክት ብታደርጉበት ከፍለጋችሁ ሊወጣላችሁ ይችላል። የወደዳችሁትን በምኞት ዝርዝር ውስጥ አስገቡት፤ ዋጋው ሲቀንስ ኢሜይል ይደርሳችኋል። ተጠቃሚዎች የጻፉትን አስተያየትም አንብቡ፤ አሮጌ ላፕቶፕ ያላቸው ሰዎች «በእኔ ማሽን ይንቀራፈፋል» ብለው በግልጽ ይጽፋሉ። ከመግዛታችሁ በፊት ከገጹ ሥር ያለውን ዝቅተኛ መስፈርት ማየት አትርሱ። ራሱን የቻለ የግራፊክስ ካርድ የሌለው ላፕቶፕ ይዞ ትልቅ ጌም የገዛ ሰው ብዙ ጊዜ ማሽኑን ይዞ ወደ እኔ ይመጣል፤ እኔም የማደርግለት ነገር የለም።

የገዙትን ማደራጀትም በስቲም የተመቸ ነው። ጌሞቻችሁን በምትፈልጉት ስም በቡድን በቡድን ማስቀመጥ ይቻላል፤ መስፈርት ብቻ ሰጥታችሁት አዳዲሶቹ በራሳቸው የሚገቡበት ቡድንም አለ። የማትነኩትን መደበቅ ትችላላችሁ። ከሌላ ቦታ ያገኛችሁትን ጌም እንኳ ከዝርዝሩ ውስጥ ያስገባላችኋል። የማውረጃ ሰዓት ስለሚመረጥለት ለሌሊት ጥቅል ተጠቃሚ ይጠቅማል፤ ማሻሻያዎችንም ጌሙን ስትከፍቱ ብቻ እንዲያወርድ አድርጉት፣ አለበለዚያ ሳታውቁ ጥቅላችሁን ይጨርሰዋል።

ታዲያ ለምን ከስቲም አትግዙ እላለሁ? በስቲም የምትከፍሉት ለመጠቀሚያ ፈቃድ ነው፤ እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2024 ጀምሮ መክፈያው ገጽ ላይ ይህንኑ ጽፎ ያሳያል። ጌሙን ለመክፈት አብዛኛውን ጊዜ የስቲም ፕሮግራም አብሮ መሥራት አለበት። ያለ ኢንተርኔት የሚሠራበት መንገድ አለው፤ ግን አስቀድሞ በዚያው ኮምፒውተር ላይ ገብታችሁ አካውንታችሁ የተመዘገበ መሆን አለበት። ማሽኑ ፎርማት ከተደረገ ወይም አዲስ ከተገዛ ኢንተርኔት ግድ ነው። በክልላችን ከነሐሴ 2015 ዓ.ም. በኋላ የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ እንደነበር ማናችንም አልረሳነውም። በዚያን ጊዜ ዲስኩ ለተበላሸበት ሰው፣ የከፈለበትን ጌም እንደገና የማውረድ መብቱ ምን ይጠቅመዋል?

ሌላም አለ። ስቲም እ.ኤ.አ. ከጥር 2024 ጀምሮ ዊንዶውስ 7ን እና 8ን መደገፍ አቁሟል። እጄ ላይ ከሚገቡት ያገለገሉ ዴልና ኤችፒ ላፕቶፖች መካከል ዛሬም በዊንዶውስ 7 የሚሠሩ አሉ።

ጎግ እዚህ ላይ ነው የሚለየው። እ.ኤ.አ. በ2008 ሲጀምር የቆዩ ጌሞችን በአዳዲስ ኮምፒውተሮች እንዲሠሩ አድርጎ ይሸጥ ነበር፤ የሚሸጠውን ቁልፍ ሳያደርግበት ይሰጣል። ከገዛችሁ በኋላ ከድረ ገጹ መጫኛውን ራሱን ታወርዳላችሁ፤ ሲጫን ኢንተርኔት አይጠይቅም፣ ሌላ ፕሮግራም አይፈልግም። ትልልቆቹን መጫኛዎች ከ4 ጊጋባይት በማይበልጡ ክፍሎች ስለሚከፋፍላቸው አንዱን ዛሬ ሌሊት፣ ሌላውን ነገ ሌሊት ማውረድ ይቻላል፤ መስመሩ ቢቋረጥ የሚበላሸው አንዱ ክፍል ብቻ ነው። ሰው ጌም ቤት ድረስ የሚሄደው ፋይሉን በፍላሽ ይዞ ለመመለስ አይደለምን? ጎግ ይህንኑ ጥቅም ያለ ቫይረሱ ይሰጣችኋል።

የእኔን አደራደር ላሳያችሁ። ኤክስተርናል ዲስኬ ላይ ሦስት ፎልደሮች አሉ፦ ለአሮጌ ላፕቶፕ የሚሆኑ፣ በአንድ ኮምፒውተር በተራ የሚጫወቷቸው፣ ትልልቆቹ። ለእያንዳንዱ ጌም አንድ ፎልደር፤ ስሙ ላይ የወረደበት ቀንና የእትሙ ቁጥር ይጻፋል፤ መጫኛውና ክፍሎቹ በፍጹም አይነጣጠሉም። ከውስጥ አጭር የጽሑፍ ፋይል አለ፤ ስንት ራም እንደሚፈልግና ምን ያህል ቦታ እንደሚይዝ ተጽፎበታል። ሁለተኛው ፎልደር ውስጥ ያለው ሂሮውስ 3 አንድ ላፕቶፕ ብቻ ላለበት ቤት የተሠራ ይመስላል፤ ወንድምና እህት በተራ እየተቀመጡ ይጫወቱታል። ላፕቶፕ ሲበላሽ ዲስኩን እሰካለሁ፣ ያለ አንድ ሜጋባይት ወጪ ሁሉም ይመለሳል።

ጎግ ጋላክሲ የሚባል ፕሮግራምም አላቸው፤ የስቲሙንና የኤፒኩን ዝርዝር ከጎጉ ጋር በአንድ ላይ ያሳያል። ሐሳቡ ግሩም ነው፤ ነገር ግን ከማገናኛዎቹ አንዳንዶቹ በበጎ ፈቃደኞች የሚሠሩ ስለሆኑ ይሰናከላሉ። ባትጭኑትም የሚቀርባችሁ ብዙ የለም።

የጎግ ጉድለት ግልጽ ነው። ዕቃው ከስቲም በጣም ያንሳል፤ ማሻሻያ ሲወጣም፣ ጋላክሲን ካልጫናችሁ፣ መጫኛውን በእጃችሁ እንደገና ማውረድ ነው። ለኳስ ወዳጆች የሚሆን ብዙ የለውም፤ ኢፉትቦል ስቲም ላይ በነጻ ይገኛል፣ ዶታ 2 እና ካውንተር ስትራይክ 2ም እንዲሁ። እነዚህን የሚፈልግ ሰው ያለማመንታት ስቲምን ይጫን።

ኤፒክን በአጭሩ። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2018 ከተከፈተ ወዲህ በነጻ ጌም ይሰጣል፤ አሁን በየሳምንቱ ሐሙስ በእኛ ሰዓት ማታ 12 ሰዓት፣ አሜሪካ የብርዱ ወቅት ሲሆን 1 ሰዓት፣ አዲሱ ይወጣል። ካርድ አይጠይቅም፤ በስልካችሁ ገብታችሁ ተቀበሉት፣ ማውረዱ ሲመቻችሁ ይደርሳል። ማደራጃው ግን ደካማ ነው፤ ነጻው ሲጠራቀም የሚፈልጉትን መለየት ያስቸግራል፣ የተጠቃሚዎች የጽሑፍ አስተያየትም የለውም። ገንዘብ አውጥቼ ከእሱ የምገዛበት ምክንያት አላየሁም።

ፋይል በእጅ ይቀመጥ ስል ስለ ዲስኩ ሳላስጠነቅቅ አላልፍም። ገበያ ውስጥ 2 ቴራባይት ተብሎ በአንድ ሺህ ብር የሚሸጥ ፍላሽ ሐሰተኛ ነው። ውስጡ ያለው 32 ጊጋባይት ሊሆን ይችላል፤ ኮምፒውተሩ ላይ ግን ሁለት ቴራ ብሎ እንዲያሳይ ተደርጓል። ስትገለብጡበት እሺ ይላል፣ ስሙም ይታያል፤ እውነተኛው ቦታ ከሞላ በኋላ የገባው ፋይል ግን ሲከፈት ባዶ ወይም የተበላሸ ነው። አንዱን ፈትቼው ከትልቁ ሽፋን ውስጥ ያገኘሁት ጥፍር የምታክል ሚሞሪ ካርድና ሚዛን እንዲያነሳ በሙጫ የተለጠፈ ብረት ነው። ሻጩን ገንዘብ ከመስጠታችሁ በፊት መመለሻ ቀን አስይዙት፤ ቤት ገብታችሁ ኤችቱቴስትደብሊው (H2testw) በሚባለው ነጻ ፕሮግራም እስከ አፉ ሞልታችሁ አስነብቡት። ጊዜ ይወስዳል፣ ግን አይዋሽም። ትንሽም ቢሆን እውነተኛ የሆነ ያገለገለ ሃርድ ዲስክ ከዚያ ይሻላል።

የመጨረሻው ክፍያ ነው። ለአገር ውስጥ ግብይት የተሰጠን የባንክ ካርድ እነዚህ መደብሮች አይቀበሉትም፤ ለውጭ ክፍያ የተፈቀደ ቪዛ ወይም ማስተርካርድ ያስፈልጋል። ካርድ የሌለው ሰው በቴሌግራም የስቲም የስጦታ ኮድ ይገዛል፤ የ10 ዶላሩን ኮድ ከምንዛሪው በላይ አስልተው ነው የሚሸጡት፣ አንዳንዱ ደግሞ አስቀድሞ ጥቅም ላይ የዋለ ኮድ ይልክና ይሰወራል። ውጭ አገር ዘመድ ካላችሁ በስጦታ እንዲገዛላችሁ ብትጠይቁ ይሻላል። እዚህም ጎግ ይቀላል፤ ኢሜይላችሁን ብቻ ይጠይቃል። በስቲም ግን መጀመሪያ ጓደኛ መሆን አለባችሁ፤ 5 ዶላር ያላወጣ አካውንት ደግሞ ጓደኝነት መጠየቅ ስለማይችል ጥያቄውን ዘመዳችሁ ይላክ። በሁለቱ አገሮች መካከል ያለው የዋጋ ልዩነት ሰፊ ከሆነም ስጦታው ላያልፍ ይችላል። ጌሙ ማሽናችሁ ላይ አልሠራ ካለ ስቲምም ኤፒክም በ14 ቀን ውስጥ፣ ከሁለት ሰዓት በታች ከተጫወታችሁ፣ ገንዘብ ይመልሳሉ። ጎግ 30 ቀን ይሰጣል፤ ተጫውታችሁትም ቢሆን።