«ሊቪንግ ዘ ላይት»፦ የሮቢ ሙለር ካሜራና ብርሃን

ኔዘርላንዳዊቷ ክሌር ፓይማን ያዘጋጁት ይህ ዘጋቢ ፊልም፣ እ.ኤ.አ. በ2018 ስላረፉት የአገራቸው ልጅ፣ የሲኒማ ካሜራ ባለሙያው ሮቢ ሙለር የሚተርክ ሲሆን፣ ከልደት ተነሥቶ በዓመተ ምሕረት ቅደም ተከተል የሚጓዝ የተለመደ የሕይወት ታሪክ አይደለም። ዋና ሀብቱ ሙለር ራሳቸው ለሥራ በተዘዋወሩባቸው ከተሞችና ሆቴሎች በአነስተኛ የቪዲዮ ካሜራ የቀረጹት የግል ማስታወሻ ነው። ከቀረጻ ሥራ ውጭም ቢሆን ዐይናቸው ብርሃን ከመከታተል አላረፈም ነበር።

የሙለርን ብቃት ለመረዳት በ1984 በካን የፊልም ፌስቲቫል ከፍተኛውን ሽልማት፣ ፓልም ዶርን፣ ያገኘውን የዳይሬክተር ቪም ቬንደርስን ፊልም «ፓሪስ፣ ቴክሳስ» ማየት ይበቃል። ሌላ ባለሙያ በማጣሪያ ሊያስተካክለው የሚቸኩለውን የፍሎረሰንት አምፖል አረንጓዴ ቀለም ሙለር እንዳለ ስለተዉት፣ ከበስተጀርባው ካለው የምሽት ሰማይ ቅላት ጋር ተጋጭቶ የገጸ ባሕርያቱን ብቸኝነት ያለ አንዳች ንግግር ይገልጻል። እኒሁ ሰው በ1995 የዳይሬክተር ጂም ጃርሙሽን «ዴድ ማን» በጥቁርና ነጭ፣ በማግስቱ ዓመት ደግሞ የላርስ ቮን ትሪየርን «ብሬኪንግ ዘ ዌቭስ» በእጅ በተያዘ ካሜራ ቀርጸዋል። ለአንድ ስልት ብቻ ያላደሩ መሆናቸው፣ በእኔ ግምት፣ ከብዙ እኩዮቻቸው ያስበልጣቸዋል።

ለዘጋቢ ፊልሙ ጃርሙሽና ካርተር ሎጋን የሠሩት ሙዚቃ ለምስሉ ቦታ የሚለቅ፣ የተረጋጋ ነው። ይሁንና ስለ ሌንስና ስለ ፊልም ጥሬ ዕቃ ዝርዝር ትምህርት የሚፈልግ የሙያው ተማሪ የጠበቀውን ያህል አያገኝም፤ የሙለርን ሥራዎች ጨርሶ ያላየ ተመልካችም ቢያንስ አንዱን አስቀድሞ ቢያይ ይሻለዋል።