«የ3 ቀን ነጻ ሙከራ» የሚሉ የካርቱን ፊት ጨዋታዎች፦ አፑን ማጥፋት ክፍያውን አያቆምም

የካርቱን ገጸ ባሕርይ ፊት አይታችሁ ስሙን የምትገምቱበት፣ ወይም አፍንጫና ጉንጩን በጣት እየጎተታችሁ የምታጣምሙበት ጨዋታ «3 ቀን በነጻ ይሞክሩ» ካላችሁ ቁልፉን ከመንካታችሁ በፊት ከሥሩ ያለውን ደቃቅ ጽሑፍ አንብቡ። ክፍያው ብዙ ጊዜ የወር ሳይሆን የሳምንት ነው። ትንሽ የሚመስለው ሒሳብ በዓመት 52 ጊዜ ይቆረጣል። መዝጊያዋ «×» ደብዝዛ ጥግ ላይ ትሸጎጣለች፤ ጥቂት ሰከንድ ካልጠበቃችሁ የማትታይበት ጨዋታም አለ።

ብዙ ሰው የሚሸወደው ግን ቀጥሎ ነው። ጨዋታውን ከስልኩ አጥፍቶ የተገላገለ ይመስለዋል፤ የክፍያ ምዝገባው (ሰብስክሪፕሽኑ) ያለው ግን በአፕ መደብሩ፣ ማለትም በጎግል ፕሌይ ወይም በአፕል፣ አካውንታችሁ ላይ ስለሆነ ገንዘቡ መቆረጡን ይቀጥላል። በአንድሮይድ ጎግል ፕሌይን ክፈቱ፣ የፕሮፋይል ምስላችሁን ንኩ፣ «ፔይመንትስ ኤንድ ሰብስክሪፕሽንስ»፣ ከዚያ «ሰብስክሪፕሽንስ» ውስጥ ገብታችሁ ሰርዙ። በአይፎን «ሴቲንግስ» ውስጥ ስማችሁን፣ ቀጥሎ «ሰብስክሪፕሽንስ»ን ንኩ። አፕል ሙከራው ከማለቁ ቢያንስ 24 ሰዓት ቀድማችሁ እንድትሰርዙ ስለሚጠይቅ፣ 3 ቀን የተባለው በተግባር 2 ቀን ነው።

ከተቆረጠባችሁ አትዘግዩ። ጎግል ፕሌይ በ48 ሰዓት ውስጥ ተመላሽ ገንዘብ በቀጥታ እንድትጠይቁት ይፈቅዳል፤ ካለፈ ወደ ጨዋታው ሠሪ ይመራችኋል፣ እሱ ደግሞ መልስ ለመስጠት አይቸኩልም። አፕል ጥያቄውን «ሪፖርት ኤ ፕሮብሌም» በተባለው ገጹ ይቀበላል። ሁለቱም ዘንድ መመለሱ እርግጥ አይደለም።

ለመሆኑ ፊት ማጣመም ምን ያስከፍላል? ምስሉ ላይ የነጥቦች መረብ ይዘረጋል፤ አንዷ ነጥብ ስትጎተት አጠገቧ ያሉት ይከተላሉ፣ አለቀ። እ.ኤ.አ. በ1996 የወጣው ሱፐር ማሪዮ 64 የተባለ ጨዋታ ገና መክፈቻው ላይ የዋና ገጸ ባሕርዩን የማሪዮን ፊት ያስጎትት ነበር፤ ያውም 4 ሜጋባይት ራም (የሥራ ማኅደረ ትውስታ) ብቻ ባለው የጨዋታ ማሽን፣ ያለ ኢንተርኔት። ስለዚህ የስልክ ማውጫችሁን ወይም ያላችሁበትን ቦታ ልይ የሚል ጨዋታ ሲገጥማችሁ ከልክሉት። ካሜራም ቢሆን የራሳችሁን ፊት ካላጣመማችሁ አያስፈልገውም።

የግምት ጨዋታዎቹ መጀመሪያ ላይ ሆን ተብለው ይቀላሉ። ወደ ኋላ አንድ ዓይን ወይም የጆሮ ጫፍ ብቻ እያሳዩ የፍንጭ ሳንቲም ያስገዛሉ። የስክሪን ፎቶ አንስታችሁ በምስል ብትፈልጉ መልሱ አብዛኛውን ጊዜ በነጻ ይገኛል። ልጆች የሚጫወቱበት ስልክ ከሆነ ጎግል ፕሌይ ለእያንዳንዱ ግዢ ማረጋገጫ እንዲጠይቅ አድርጉት፤ በአይፎን «ስክሪን ታይም» ውስጥ የአፕ ውስጥ ግዢን ዝጉ።

በብሮውዘር የምትጫወቱ ደግሞ «ፍላሽ ፕሌየር ይጫኑ» የሚል ገጽ ካጋጠማችሁ ወዲያው ውጡ። ፍላሽ የድሮ የብሮውዘር ጨዋታዎችን ያጫውት የነበረ ፕሮግራም ነው፤ ሠሪው አዶቤ ድጋፉን እ.ኤ.አ. በ2020 መጨረሻ አቁሟል፤ ዛሬ በዚያ ስም የሚወርደው ፋይል ጨዋታ አይከፍትም፣ ቫይረስ ሊሆን ይችላል። «ለመቀጠል አላው (ፍቀድ) ይጫኑ» የሚለውም ለማስታወቂያ መልእክት ፈቃድ መስጠት ነው። ከነካችሁት በክሮም «ሳይት ሴቲንግስ» ውስጥ «ኖቲፊኬሽንስ» ገብታችሁ የገጹን ስም አጥፉ።